«ቤንቶስ» የባሕር ብቻ ነው ያለው ማን ነው?



በዚህ ሰሌዳ ላይ ዘወትር የሚለጠፈው ስለ ምግብ ቤት ወረፋ፣ ስለ እግር ኳስና ስለ መኝታ ክፍል ጽዳት ነው። እኛ ዛሬ የምንጽፈው ስለ አንዲት ቃል ነው። «ለአንዲት ቃል ይኸን ሁሉ ወረቀት ማባከን ምን ይባላል?» የሚል ቢኖር አንፈርድበትም። እኛም የማስተማር ልምምድ ወጥተን ከመመለሳችን በፊት እንደዚያው ባልን ነበር።

ቃሏ «ቤንቶስ» ናት። በደብተራችን የሰፈረችው እንዲህ ነው፦ «ቤንቶስ ማለት በባሕር ወለል ላይ የሚኖሩ ሕይወት ያላቸው ነገሮች ማለት ነው።» አለቀ። ሸመደድናት፣ ፈተና ላይ ጻፍናት፣ ሙሉ ማርክም አገኘንባት። ለልምምድ ስንወጣም ይችኑ ዓረፍተ ነገር ይዘን ወጣን። ሦስት ሆነን የተመደብንበት ክፍል ሰባተኛ ነበር፤ የዕለቱ ርዕስም «የውኃ ውስጥ ሕይወት»። አንዳችን ከፊት ቆሞ ሲያስተምር ሁለታችን ከኋላ ተቀምጠን የመመልከቻ ቅጽ እንሞላለን። ከፊት የቆመው ማን እንደነበረ አንናገርም። የሌሎቻችንም ሐሳብ ያው ስለነበር ጥፋቱ የሦስታችን ነው።

ፕላንክተን ተባለ፣ ኔክተን ተባለ፣ ቤንቶስ ተባለ። ሦስቱም በጥቁር ሰሌዳው ላይ በሦስት መስመር ተጻፉ፤ ልጆቹም ገለበጡ። ይኼኔ በመስኮቱ በኩል የተቀመጠ አንድ ልጅ እጁን አወጣና፣ «ቲቸር፣ ከብት ስናጠጣ ወንዙ ውስጥ ያለውን ድንጋይ ስንገለብጠው ከሥሩ የተጣበቁ ነገሮች አሉ። እነሱም ቤንቶስ ናቸው?» ሲል ጠየቀ።

«አይደሉም። ቤንቶስ የባሕር ነው። ተቀመጥ።»

ልጁ ተቀመጠ። ከኋላው ያሉትም «ባሕር አየሁ ሊል ነው እኮ!» እያሉ ሳቁበት። እኛም በቅጹ ላይ «የክፍል ቁጥጥር፦ በጣም ጥሩ» ብለን ሞላን። ይኸን ስንጽፍ እናፍራለን፤ ግን ቅጹ አለና መካድ አንችልም።

ማታ መኝታ ቤት ነገሩ ተነሣ። አንዱ ጓደኛችን፣ «ቆይ እስቲ፣ ወንዝ ወለል የለውም እንዴ?» አለ። መብራት እስኪጠፋ ተከራከርን፤ መብራት ከጠፋ በኋላም ቀጠልን፤ በመጨረሻ ጎረቤት ክፍል ያሉት ግድግዳ ደበደቡብን። በማግሥቱ ቤተ መጻሕፍት ገብተን አገላበጥን፤ የባዮሎጂ መምህራችንንም ጠየቅን። ልጁ ልክ ነበር። የተሳሳትነው እኛ ነን።

መቼም ለራሳችን ጥብቅና እንቁም ካልን የምንለው አናጣም። ቃሉ በመሠረቱ ግሪክኛ ነው፤ ትርጉሙም የባሕር ጥልቀት ማለት ነው። ለሳይንስ ያዋለው ጀርመናዊው የእንስሳት ተመራማሪ ኤርንስት ሄከል ሲሆን ጊዜውም እ.ኤ.አ. 1890 ነበር። ከእሱ ሦስት ዓመት ቀደም ብሎ ቪክቶር ሄንሰን በውኃ ላይ የሚንሳፈፉትን «ፕላንክተን» ብሏቸው ነበር። ሄከል ደግሞ በራሳቸው ጉልበት የሚዋኙትን «ኔክተን»፣ ከታች ወለሉን ይዘው የሚኖሩትን «ቤንቶስ» ብሎ ጨመረ። ሁለቱም ሲጽፉ በዓይናቸው ፊት የነበረው ባሕር ነው። እንግዲህ «ቤንቶስ የባሕር ነው» የሚል ሰው በትውልዱ በኩል አልተሳሳተም። ነገር ግን ቃል እንደ ሰው ነው፤ በተወለደበት አይቀርም። ሐይቅና ወንዝ የሚያጠኑ ሰዎች ቃሉን ከተቀበሉት ቆይተዋል፤ ዛሬ የሐይቅ ቤንቶስ፣ የወንዝ ቤንቶስ ማለት በየመጽሐፉ ያለ ነው። የቃሉን መነሻ ይዞ አጠቃቀሙን መከልከል አያስኬድም።

እኛን ያሳሳተን ሌላም ነገር አለ። ቤንቶስ የአንድ የእንስሳ ወገን ስም መስሎን ነበር፤ አጥቢ፣ አዕዋፍ፣ ተሳቢ እንደምንለው። አይደለም። ይህን ለማስረዳት የውጭ ምሳሌ መፈለግ አያስፈልግም። ደገኛና ቆለኛ እንላለን አይደለም? ቆለኛ ማለት ዘር አይደለም፤ አንድ ሰው የሚኖርበትን ነው የሚነግረን። ቆላ ወርዶ የሚያርስ ሁሉ ቆለኛ ነው፤ አባቱ ማንም ይሁን ማን። ቤንቶስም እንዲሁ የአድራሻ ስም ነው። የባሕር ኮከብ፣ ስፖንጅ፣ ሸርጣን፣ ጭቃ ውስጥ የተቀበረ ትል፣ ድንጋይ ላይ የበቀለ የባሕር አረም፣ በዓይን የማይታይ ባክቴርያ እርስ በርሳቸው ምንም ዝምድና ሳይኖራቸው ሁሉም ቤንቶስ ይባላሉ። የሚያገናኛቸው ጉርብትና ነው። ይህ በአንድ ዓረፍተ ነገር ተነግሮን ቢሆን ኖሮ ለልጁ ጥያቄ መልስ አናጣም ነበር።

አድራሻ ደግሞ ይለወጣል። የባሕር ኮከብና ብዙዎቹ ባለ ዛጎል እንስሳት በሕፃንነታቸው ከውኃው ጋር የሚንሳፈፉ ፕላንክተን ናቸው፤ አድገው ወለል ሲይዙ ቤንቶስ ይሆናሉ። እዚህ በወንዛችን ዳር የሚበርረው የውኃ ተርብም ዕድሜውን ከታች በድንጋይና በጭቃ መካከል ጀምሮ ነው ክንፍ የሚያወጣው። ስለዚህ «ይህ እንስሳ ምንድን ነው?» ከማለት «አሁን የት ነው የሚኖረው?» ብሎ መጠየቅ ይሻላል።

ስለ አጠቃቀሙም ሁለት ሦስት ነገር እንበል፤ ምክንያቱም እዚህ ግቢ ውስጥ ሲባሉ የምንሰማቸው አሉ። አንዳንዶቻችን «አንድ ቤንቶስ»፣ «ሦስት ቤንቶሶች» እንላለን። ቃሉ የጅምላ ስም ነው፤ ሕዝብ እንደምንለው። አንዱን ለይተን ስንጠራ የቤንቶስ እንስሳ ወይም የቤንቶስ ዕፅ ብንል ይቀናል። ሌላው ስለ አምባዛ የሚነሣው ክርክር ነው። አምባዛ ጭቃው አጠገብ ይውላል፣ ምግቡንም ብዙ ጊዜ ከዚያ ይለቅማል፤ ታዲያ ቤንቶስ ነው? እሱ ዋናተኛ ነው፤ ወለል አዘውታሪ ዓሣ ቢባል ይሻለዋል እንጂ ወለሉን ይዘው ከሚኖሩት ጋር አይቆጠርም። ባሕር ውስጥ ግን አሸዋ ላይ ተለጥፈው የሚውሉ ጠፍጣፋ ዓሦች አሉ፤ እነሱን ከቤንቶስ የሚቆጥሩ ሊቃውንት አሉ። ድንበሩ እንደ ማሳ ድንበር በድንጋይ የተተከለ አይደለም። ይኸንንም ለተማሪ መንገር ነውር ያለበት አይመስለንም።

ሞቶ ወደ ታች የወረደ ሁሉም ቤንቶስ አይደለም። እንግሊዝ አገር የዶቨር ገደል ነጭ የሆነው ለመቁጠር የሚያዳግቱ ጥቃቅን የፕላንክተን ሽፋኖች ባሕር ወለል ላይ ተከማችተው ስለቀሩ ነው። እነዚያ ከታች ተቀበሩ እንጂ ከታች አልኖሩም። የተፈጥሮ ጠመኔ የሚባለው ድንጋይ ይኸው ነው። (በእጃችን የምንይዘው ጠመኔ ግን አብዛኛውን ጊዜ ከጂፕሰም ነው የሚሠራው፤ ስለዚህ ሰሌዳ ላይ ቤንቶስ ብለን ስንጽፍ በፕላንክተን እየጻፍን ነው ብላችሁ አትኩራሩ።)

አሁን ወደሚቆጨን ነገር እንመለስ። «እዚያ የለም» ብሎ አፍ ሞልቶ መናገር በእኛ አልተጀመረም። እ.ኤ.አ. በ1841 እና በ1842 ኤድዋርድ ፎርብስ የተባለ የተፈጥሮ ተመራማሪ በኤጂያን ባሕር ላይ በመርከብ እየተዘዋወረ ወለሉን በመጎተቻ ከረጢት ያስስ ነበር። ወደ ጥልቁ በወረደ ቁጥር የሚያገኘው እንስሳ እያነሰ ሄደ። ከዚህ ተነሥቶም ከ550 ሜትር ገደማ በታች ሕይወት የለም የሚል ሐሳብ አቀረበ። ሰውዬው ሰነፍ አልነበረም፤ እንዲያውም በጊዜው ከተከበሩት አንዱ ነው። ግን ያሰሰው ባሕር በጥልቁ ምግብ የጎደለበት ነበር፤ የተጠቀመበትም መጎተቻ ለሥራው በቂ አልነበረም። ከአንድ ሥፍራ ያየውን ለዓለም ባሕር ሁሉ ሰጠው።

የሚገርመው ማስረጃው ቀደም ብሎ መኖሩ ነው። በ1818 ጆን ሮስ የተባለ የመርከብ አዛዥ በሰሜን ዋልታ አቅራቢያ ጥልቀት ሲለካ በገመዱ ላይ የባሕር ኮከብ ዘመድ የሆነ እንስሳ ተጠምጥሞ ወጥቶ ነበር። ማን ልብ አለው? በ1860 ደግሞ ለጥገና ከሜዲትራኒያን ወለል የተነሣ የቴሌግራም ገመድ ከ2,000 ሜትር በላይ ጥልቀት ላይ ከነበረው ክፍሉ ኮራል ተጣብቆበት ተገኘ። ከዚያ ወዲያ ክርክሩ ጋለ። ከ1872 እስከ 1876 ቻሌንጀር የተባለችው መርከብ ውቅያኖሶችን ስታስስ 5,000 ሜትር ገደማ ከሚደርስ ጥልቀት ሕይወት ያላቸውን እንስሳት አወጣች፤ ነገሩም በዚሁ ተቆረጠ። ሄከል ራሱ ከቻሌንጀር ከመጡት ናሙናዎች ብዙውን ያጠና ሰው ነው። ቤንቶስ የሚለው ቃል እንግዲህ የወጣው «የለም» የተባለው «አለ» ከሆነ በኋላ ነው።

ከዚያ ወዲህ የተገኘው ደግሞ ይበልጥ ያስደንቃል። የፀሐይ ብርሃን ለዕፅዋት የሚበቃው እስከ 200 ሜትር ገደማ ብቻ ነው፤ የውቅያኖስ አማካይ ጥልቀት ግን ወደ 3,700 ሜትር ይጠጋል። ከታች ያለው አብዛኛው ነዋሪ ጨለማ ውስጥ ሆኖ ከላይ የሚወርድለትን ፍርፋሪ ጠባቂ ነው። በ1977 ግን አልቪን በተባለች ጠላቂ ጀልባ የወረዱ ሰዎች በጋላፓጎስ ደሴቶች አቅራቢያ 2,500 ሜትር ገደማ ጥልቀት ላይ ከመሬት የሚፈልቅ ሙቅ ውኃ አገኙ፤ በዙሪያውም ሕይወት ተጨናንቆ ነበር። እዚያ የሚገኘው ቱቦ ለባሽ ትል እስከ ሁለት ሜትር ይረዝማል፤ ካደገ በኋላ አፍም አንጀትም የለውም። የሚመግቡት በሰውነቱ ውስጥ የሚኖሩ ባክቴርያዎች ናቸው፤ እነሱም ጉልበት የሚያገኙት ከፀሐይ ሳይሆን ሃይድሮጅን ሰልፋይድ ከሚባለው፣ የገማ እንቁላል ከሚሸተው ጋዝ ነው። «ምግብ ሁሉ መነሻው ፀሐይ ነው» ብለን በደብተራችን የጻፍነውንም ይህ ነገር አቃወሰው። እሱን ለሌላ ቀን እናቆየው።

«ጥሩ፤ ግን እኛ ባሕር የለንም፣ ምን አገባን?» የሚል አስተያየት ሰምተናል። ከመካከላችን ባሕር ያየ በጣት የሚቆጠር ነው፤ እውነት ነው። ነገር ግን የአባይን ሸለቆ በጎሐ ጽዮንና በደጀን መካከል የተሻገረ ጓደኛ ካለ ምስክር ይሁነን። እዚያ ያለው የኖራ ድንጋይ ከ150 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የባሕር ወለል ነበር። በውስጡ የዛጎል ቅርጽ ይገኛል። በመቀሌ አካባቢ ያለው የእንጣሎ የኖራ ድንጋይም የዚያው ዘመን ነው። በደናክል ዝቅታ ደግሞ ቀይ ባሕር ከ100,000 ዓመት በላይ በፊት ገብቶበት በነበረ ጊዜ የተሠራ የኮራል አጥር ዛሬ በደረቅ ምድር ላይ ቆሞ ይታያል። እነዚህ ሁሉ በዘመናቸው ቤንቶስ ነበሩ።

ሕያው የሆነውን የፈለገ ደግሞ ከጓሯችን ያለው ወንዝ ይበቃዋል። ቅዳሜ ዕለት ከምግብ ቤት ወንፊት ተውሰን፣ ባልዲና ሳፋ ይዘን ወረድን። ድንጋይ አንሥተን ገለበጥን። ከሥሩ ጠፍጣፋ፣ በጅራታቸው ሦስት ቀጫጭን ክር ያላቸው፣ በሆዳቸው ግራና ቀኝ ላባ የመሰለ መተንፈሻ የተደረደረላቸው ትንንሽ እጮች እየተሯሯጡ ጥላ ፍለጋ ዞሩ። አሸዋ በምራቁ አጣብቆ ቤት ሠርቶ፣ ቤቱን ለብሶ የሚሄድም አገኘን። ትንሽ ወረድ ብሎ የልብስ ማጠቢያው ውኃ ከሚቀላቀልበት ጭቃ ደግሞ ወንፊቱ ላይ የቀረው ቀይ ትል መሳይ ብቻ ነበር። ይህ ትንኝ የምትመስል የማትናደፍ ነፍሳት እጭ ነው። የቀላው እንደ እኛ ደም ሄሞግሎቢን ስላለው ነው፤ በዚያም ምክንያት አየር ባነሰበት ጭቃ ውስጥ መኖር ይችላል። ባለ ሦስት ክሩ ግን እንደዚያ ያለውን ውኃ አብዛኛውን ጊዜ አይችልም።

እንግዲህ ማን እንዳለና ማን እንደጠፋ በማየት ብቻ ስለ ውኃው ጤና መናገር ይቻላል ማለት ነው። ይህን እኛ አልፈጠርነውም። አዲስ አበባ ውስጥ የቀበናና የአቃቂ ወንዞች ምን ያህል እንደተበከሉ በእነዚሁ የወለል ነዋሪዎች ተጠንቷል። የሚያስፈልገው ወንፊትና ትዕግሥት ነው። ሳይንቲስቶችም ቢሆኑ ትልልቁን ቤንቶስ ከትንንሹ የሚለዩት በወንፊት ነው፤ አንድ ሚሊሜትር ቀዳዳ ያለው ወንፊት ላይ የቀረ ትልቅ ይባላል፣ አንዳንዶች ግማሽ ሚሊሜትር ይላሉ። ጤናንም የሚነካ ጉዳይ ነው። የቢልሃርዝያ ትል የሚያድግበት ቀንድ አውጣ የሚገኘው በረጋ ወይም ቀስ ብሎ በሚፈስ ውኃ ወለልና ዕፅ ላይ ነው። ዓይን የሚያሳውረውን ኦንኮሰርክያሲስ የምታስተላልፈው ጥቁር ዝንብም እጭ ሳለች በሚወርድ ውኃ ውስጥ ድንጋይ ላይ ተጣብቃ ነው የምታድገው። በደቡብ ምዕራብ አገራችን ተመድበን የምናስተምር ይኸን ሳናውቅ ብንሄድ ምን እንባላለን?

ሰኞ ሳፋውን ከነድንጋዩ ተሸክመን ያንኑ ሰባተኛ ክፍል ገባን። በመጀመሪያ ያልነው፣ «ባለፈው የተሳሳትነው እኛ ነን፤ የወንዙም ቤንቶስ ነው» የሚለውን ነበር። ክፍሉ ጸጥ አለ። ልጁን ስናየው አንገቱን ደፍቷል። ጥያቄ ስንጠይቅ ሌሎቹ እጅ ያወጣሉ፤ እሱ አላወጣም። የክፍለ ጊዜው ደወል ሊደወል ሲል ሁሉም ሳፋውን ከበው «የታል? የታል?» ሲሉ ከኋላ ተጠጋና እጁን ነክሮ ድንጋዩን ገለበጠው። «ቲቸር፣ በዚህ በኩል ነው እኮ ያሉት» አለ። ገልብጠን ነበር ያስቀመጥነው።

መምህሮቻችን ቅር አይበላቸውና፣ አንድ ነገር እንጠይቃለን። ዕጩ መምህር ለልምምድ ከመውጣቱ በፊት ስለ ውኃ ሕይወት የሚሰጠው ትምህርት ቢያንስ አንዱ ክፍለ ጊዜ ወንዙ ዳር ይሁን። ፈተናውም «ቤንቶስ ማለት ምን ማለት ነው?» ከሚል፣ አንድ ሳፋ አቅርቦ «ከዚህ ውስጥ ቤንቶስ የትኛው ነው? ለምን?» ቢል እንመርጣለን። አንዳንድ ጓደኞቻችን ይኸንን ሐሳብ አልወደዱትም። «ትርጉሙን ማስጻፍ ይቀላል፤ ስድሳ ተማሪ ይዞ ወንዝ መውረድ እብደት ነው» ብለውናል። ስለ ስድሳው እውነት አላቸው። ስድሳውን ይዞ መውረድ አያስፈልግም፤ ወንዙን በሳፋ ወደ ክፍል ማምጣት ይቻላል፣ እኛ እንዳመጣነው። ቃሉን በአማርኛ እንተርጉመው፣ «ወለለኛ» እንበለው ያሉም አሉ። ደገኛ፣ ቆለኛ፣ ወለለኛ! ለጆሮ አይከፋም፤ በክፍል ውስጥ ለማስረዳት እንጠቀምበት፣ መጽሐፍ ላይ ግን ቤንቶስ ይቆይ ባዮች ነን። ልጁ ነገ ሌላ መጽሐፍ ሲገልጥ የሚያገኘው ይኸንኑ ነው።

የሳይንስ ክበቡም የራሱ ወንፊት፣ ሳፋና አንድ የእጅ ማጉያ መነጽር ቢኖረው መልካም ነው። የምግብ ቤቱን ወንፊት መልሰናል፤ ሁለተኛ እንደማይሰጡንም ተነግሮናል። በሚመጣው ቅዳሜ ጠዋት ድጋሚ እንወርዳለን። መምጣት የሚፈልግ ከሰሌዳው ሥር ስሙን ይጻፍ፤ ቦት ጫማ ያለውም ያምጣ፣ በቢልሃርዝያ ምክንያት ባዶ እግሩን ውኃ ውስጥ የሚገባ የለም።